የአባታችን ቀብር በነፍሰ ገዳይ ስም

ለወንድሜ ለደጀን እንግዳው፣

ጤናህ እንዴት ነው? ባለቤትህ ፀደይስ፣ ልጆቹስ ደኅና ናቸው? ይህን የምጠይቅህ እማዬ ጤናውን ሳትጠይቂ እንዳትጽፊ ስላለችኝ ነው። እኛ ከነንዴታችን አለን። ገብሱ ዘንድሮ ደኅና ይዟል፤ ከዚህ በላይ ደግ ወሬ የለኝም።

አባታችን በቴሌቪዥን ይታያሉ ብለህ የላክኸው መልእክት ሲደርሰን እማዬ ነጠላዋን አጥባ ጎረቤቱን ሁሉ ጠራች። ያኔ ፈረንጆች የቀረጹትን የቀብራቸውን ፊልም አንተ ከተቀመጠበት ፈልገህ ስታገኝ፣ ለታሪክ ነው ብለህ ጣቷን ቀለም አስነክረህ አስፈርመሃት የለ? እሱን እያነሳች ከገነተ ማርያም ላሊበላ ድረስ መንገዱን ሁሉ ስትመርቅህ ነበር። ጎረቤታችን ምስጋኑ ዘበኛ የሆነበት ሆቴል ገብተን ቴሌቪዥኑ ፊት ተቀመጥን።

ለካ ድራማ ነው! በመሬት ተጣልቶ ወንድሙን የገደለ ሽፍታ ይሞትና ይቀበራል፤ ቀብሩ የአባታችን ቀብር ነው። በለቀስተኛው እጅ ከፍ ብሎ የሚታየው ጠመንጃና በርኖስ የእሳቸው ነው። ይባስ ብሎ የእማዬ አፍ ይከፈታል፣ ድምፁ ግን የእሷ አይደለም። አንዲት የማናውቃት ሴት በእማዬ አፍ የወንድሙ ደም ጠራው እያለች ሙሾ ታወርዳለች። እማዬ በነጠላዋ ፊቷን ሸፍና ወጣች። ብርቄ፣ በቅርቡ ከኩልመስክ እኛ ሰፈር ያገባችው፣ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብላ እውነት አባታችሁ ሰው ገድለው ነበር እንዴ አለችኝ። ምን ልበላት?

ይቁምልን ብዬ ብለምንህ፣ ፊልሙን የሸጥሁበት ውል አንዴ ከተፈረመ አይመለስም፣ ተመልካቹም ሟቹን አያውቀውም ብለህ መለስክልኝ። አፈር ያለበስናቸው እኛ እኮ ነን ተመልካቾቹ! ሳታፍር ደግሞ ለሌላ ፕሮግራም እማዬን አስፈርሚልኝ ብለህ ወረቀት ላክህ። እንደ ላክኸው መልሼልሃለሁ፤ ጣቷ አልነካውም። ዓይንህን በጨው የታጠብህ ሰው ነህ።

እማዬ የነፍስ አባቷን አባ ወልደ ኪዳንን አስጠርታ ተናዝዛለች። ስሞት ደጀን እንዳይጠራ፣ መርዶዬን ከተቀበርሁ በኋላ ንገሩት ብላለች። አባም እኔም እግሯ ላይ ወድቀን ለመንናት፤ አልሰማችንም። እኔም ቃሌን ሰጥቻታለሁ።

ለፀደይ ሰላምታዬን አቅርብልኝ፤ እሷ አልበደለችኝም። ምሥራቅንና አዳምን በእኔ ስም ሳምልኝ። አድገው ያንን ድራማ ካዩ፣ አያታቸው ሰው እንዳልገደሉ አንተው በአፍህ ንገራቸው።

እህትህ ፅናት እንግዳው
ገነተ ማርያም፣ ላስታ
ጥቅምት 12 ቀን 1999 ዓ.ም.