መኪናዋን ያሳረፍኋት ዕለት

ይድረስ ለወንድሜ ለደሳለው፣ ካርቱም። ቁሐር ሚካኤል በሄድህበት ይከተልህ፣ የሰው ፊት አያሳይህ ትልሃለች እናታችን። እሷ ትናገራለች፣ እኔ ማረው እጽፋለሁ።

ጭነቱን ሁሉ መኪና ቢወስደው አጋሰሶቻችንን ሸጠን የመኪና ረዳት ሆኛለሁ። በወረታ እንደኔ ጭነት የሚያውቅ የለም። በመጀመሪያው ቀን ሾፌሩ ጋሽ አድማሴ ሐሙሲት ላይ ምሳ ሲበሉ፣ መኪናዋ ትንሽ ትረፍ ብዬ የኑጉን ጆንያ ሁሉ ብቻዬን አራገፍሁት። አጋሰስ ሲቆም ይራገፍለት የለ? ወጥተው አዩና፣ “ሣርስ አጭደህላታል?” አሉኝ። ሰው ሁሉ ሳቀ። ያባርሩኛል ብዬ ነበር፤ አጋሰሶቹ ተሸጠው መመለሻም አልነበረኝ። እሳቸው ግን መልሼ ስጭን አጠገቤ ቆመው ከባዱ የት እንደሚሆን፣ ገመዱ እንዴት እንደሚጠብቅ አሳዩኝ። አሁንማ መሪም ያስይዙኛል።

እናታችን እንዲህ ትላለች፦ “አባት የሌለውን ልጅ ሥራ ላስተማሩልኝ እግዜር ዕድሜ ይስጥልኝ። አንተም ልጄ፣ በእጅህ የምስጋና ቃል ጻፍላቸው። እኔ ሳመሰግናቸው ‘ጎበዙ ልጅዎ ነው’ ይሉኛል፤ ይኸ ማረውም ሰምቶ ያምናቸዋል። እመብርሃን በደህና ታገናኘን።”

ሁሉንም ጻፈው አለችኝ። እውነት ስለሆነ ጻፍሁት።