መቅደስ እንዳትነሣ

ሰኞ፣ ጥቅምት 10

ዛሬ አምስት ጊዜ ተነሣች። ሁለቱ ለመጸዳጃ ቤት ነው፤ እሱን ሐኪሟም ፈቅዳላታለች። ሦስቱ ለሰው ነው።

እንግዴ ልጁ የማኅፀኗን አፍ ሸፍኖ ተቀምጧል። ከአሥር ቀን በፊት ደም የታየውም በዚሁ ነው። የሐኪሟ ትእዛዝ አጭር ነበር፦ ትተኛ፣ ዕቃ አታንሣ፣ አትጎንበስ፣ ደም ከታየ በዚያችው ደቂቃ ሆስፒታል። ቤታችን ከሆስፒታሉ አሥር ደቂቃ ስለማይሞላ ነው እቤት እንድትተኛ የፈቀደችው። ዛሬ ሠላሳ አንድ ሳምንት ከአምስት ቀን ሆናት። "ሠላሳ አራት ብትደርስልኝ ደስ ይለኛል" ብላኛለች። አምና የመጀመሪያው በአምስተኛ ወሩ ወርዶብናል። ስለዚህ ሐኪም ደስ ይለኛል ስትል ምን ማለቷ እንደሆነ አልጠየቅሁም።

ጠያቂ አይቆምም። የመሥሪያ ቤቷ ሰዎች፣ የዕድሩ ሰዎች፣ ከሁሉም በላይ ጎረቤታችን እትዬ አንጓች። ሚስቴ ለትምህርት ከዘጌ ስትመጣ ያረፈችው እሳቸው ቤት ነው፤ እንደ እናቷ ናቸው። ሰው ከበር ብቅ ሲል መቅደስ "ኖር" ብላ ብድግ ትላለች። ሁሉም "በሞቴ፣ አትነሺ" ይላል። ሁሉም ደግሞ እስክትነሣ ቆሞ ይጠብቃል። ገዢ "አልፈልገውም" እያለ እጁን ከዕቃው ላይ እንደማያነሣው ነው።

በሩን ልዝጋው አልሁ።

"ዛሬ በር ዘግተህባቸው ነገ ማንን ልትጠራ ነው?" አለችኝ።

እውነቷን ነው።

ማክሰኞ፣ 11

መጽሐፍ ማንበብ አልሆነላትም። ስልክ ስትይዝ ያለጊዜያቸው ስለተወለዱ ልጆች ታነብና ታለቅሳለች። ስልኩን ቀማኋት፤ ግድግዳ ማየት ጀመረች። ግድግዳ ሲያይ የዋለ ሰው በር ሲንኳኳ ደስ ብሎት ነው የሚነሣ።

የኤሌክትሮኒክስ ሱቄ ውስጥ፣ ከቻርጀሮቹ መደርደሪያ ጀርባ አንድ ሚኒ ጌም ነበረኝ። ከሌላ ዕቃ ጋር ተቀላቅሎ የመጣ ነው። ፋብሪካው ማምረት ካቆመ ቆይቷል፤ ደንበኛም ትልቁን ጌም እንጂ ይህን አይጠይቅም። መዳፍ የምታህል ሳጥን፣ ሁለት ጆይስቲክ፣ ሃያ ጨዋታ በሆዷ። ሌላ መጨመር አይቻልም፣ ኢንተርኔት አትፈልግም፣ በስልክ ቻርጀር ትሠራለች። ለእኛ ቤት የተሠራች መሰለኝ።

ገጠምኋት። የምስሉን ገመድ ከቴሌቪዥኑ ጀርባ፣ ኃይሉን ከቻርጀሩ። መጀመሪያ ምስል እምቢ አለ፤ ቴሌቪዥኑን ወደ ሁለተኛው መስመር ሳዞረው መጣ። መቅደስ ፈገግ አለች። ከአሥር ቀን ወዲህ ያየሁት የመጀመሪያው ነው።

ሩብ ሰዓት አልቆየም። የጆይስቲኩ ገመድ ክንድ ተኩል ነው። ሳጥኗ ከቴሌቪዥኑ ሥር፣ አልጋው ከማዶ ግድግዳ። መቅደስ ወገቧን አጥፋ አልጋው ጫፍ ላይ ወጥታ ተቀመጠች። ሌላም ጉድ አለ፦ ጨዋታ ለመቀየር የሚጫኑት ቁልፍ ጆይስቲኩ ላይ ሳይሆን ሳጥኗ ላይ ነው። ሻይ ላፈላ ወጥቼ ስመለስ ቴሌቪዥኑ ሥር ጎንበስ ብላ አገኘኋት።

"ምን እያደረግሽ ነው?"

"ልቀይረው ነዋ። ሰለቸኝ።"

ነቅዬ ወሰድሁት። ያስተኛታል ያልሁት ዕቃ አንድ ተጨማሪ ጠያቂ ሆኖ አረፈው።

ረቡዕ፣ 12

ሚካኤል። ጠዋት የገመድ መቀጠያ ፍለጋ ዞርሁ። አራት ሱቅ ጠየቅሁ። ሁሉም የማውቃቸው ናቸው፤ ተፎካካሪዎቼ ስለሆኑ ደስ እያላቸው ነው "የለም" የሚሉኝ። ጥገና የሚሠራው ጓደኛዬ የገመዱን ጫፍ አገላብጦ አየና፣ "አንተ ይበልጣል፣ ይሄ ሞቷል፤ መቀጠያውም አብሮት ተቀብሯል" አለኝ። ቆርጬ ልቀጥልልህ አለ። እምቢ አልሁ። ምትክ የሌለውን ዕቃ መቁረጥ የነጋዴ ሥራ አይደለም።

ስመለስ ቤቱ ከቤተ ክርስቲያን በተመለሰ ሰው ሞልቷል። መቅደስ ነጠላዋን አጣፍታ ቆማ ታስተናግዳለች። ሰው ፊት ምንም አላልሁም። የመጨረሻው እንግዳ ሲወጣ፣ "ትንሽ ነገር አየሁ" አለችኝ።

"መቼ?"

"ጠዋት።"

"ጠዋት አይተሽ ነው ቆመሽ የዋልሽው?"

ሆስፒታል ወሰድኋት። ደሙ ቆሟል። የልጁ ልብ ይመታል። ሳንባውን የሚያጠነክር መርፌ ጀመሩላት፤ የቀረውን እየወሰደች እዚያው ታድራለች። ሐኪሟ ወደ እኔ ዞራ፣ "ቤት ትተኛለች ያሉኝ እርስዎ ነዎት" አለችኝ።

አልጋዋ አጠገብ ተቀምጬ፣ "ለማን ብለሽ ነው?" አልኋት።

"ለእትዬ አንጓች ነዋ። አብልተው አልብሰው ያስተማሩኝን ሴት ተጋድሜ ልቀበላቸው?"

"ልጃችንስ?"

"አውቄ የማደርገው መሰለህ? ሰው ሲገባ እግሬ ቀድሞኝ ይወርዳል።"

ይህን አምናታለሁ። እግርን በምክር መመለስ አይቻልም።

ሐሙስ፣ 13

ሁለት ቀን ሙሉ ገመዱን ላስረዝም ሳስብ ሳጥኗን ማንቀሳቀስ አልታየኝም። የጆይስቲኩ ገመድ ምትክ የለውም፤ የምስሉ ገመድ ግን የትም የሚገኝ ተራ ኤችዲኤምአይ ነው። አሥር ሜትሩን እኔው እሸጣለሁ። አናቴ ላይ ተንጠልጥሎ ነው የከረመ።

በአሥር ሰዓት ከሆስፒታል ስትመለስ ሁሉንም ጨርሼ ጠበቅኋት። ሳጥኗ አልጋው ላይ፣ ከደረቷ ፊት ለፊት፣ እንዳትንሸራተት በጫማ ካርቶን ክዳን ውስጥ። የምስሉ ገመድ በአልጋው ሥር ዞሮ በግድግዳው ጥግ እስከ ቴሌቪዥኑ። መቀየሪያውን ቁልፍ ክንዷን ሳትዘረጋ ትነካዋለች። በግራ ጎኗ ተኝታ፣ ትራስ በጉልበቶቿ መካከል አድርጋ፣ አንድ ተራራ የሚወጣ ሰውዬ ያለበትን ጨዋታ ያዘች። ሲደክማት የደረሰችበትን ሳጥኗ ታስቀምጥላታለች። ሸለብ አድርጓት ስትነቃ ከዚያው ቀጠለች።

በአሥራ አንድ ተኩል "ቤቶች" ተባለ። የእትዬ አንጓች ድምፅ ነው። ጆይስቲኩን ወርውራ "ኖር" አለች። ሰውዬው ገደል ገባ። እሷ መሬት ላይ ቆማለች።

"በሞቴ፣ አትነሺ ልጄ" አሉ እትዬ አንጓች፣ ከቆመች በኋላ።

አርብ፣ 14

ብቻዋን ስትጫወት የምትጥለው የራሷን ሰውዬ ነው። መቅደስ በራሷ ነገር ቸር ናት፤ ትጥለዋለች። የሌላ ሰው ነገር ግን ከእጇ አይወድቅም። ጠዋት እሷ ስታንቀላፋ ሃያውንም ጨዋታ አንድ በአንድ ከፈትሁ።

ኳስ፦ ለሁለት ይሆናል፤ ግን መቅደስ አውቃ ትሸነፋለች።

መኪና፦ በየተራ ነው። ተራ የሚጠብቅ ሰው ለመነሣት ጊዜ አለው።

ተኩስ፦ እትዬ አንጓች ፊት አይሆንም።

ያው ተራራ፣ ለሁለት ሲሆን፦ ሁለት ሰዎች በአንድ ገመድ ታስረው ይወጣሉ። አንዱ እጁን ካነሣ ሁለቱም ይወድቃሉ። ይህ ነው።

በርህ ላይ የቆመብህን ሰው ገፍተህ አታነሣውም፤ ሸሪክ ታደርገዋለህ። እትዬ አንጓች ቤት ሄድሁ። አይምጡብን አላልሁም።

"እትዬ፣ መቅደስ ብቻዋን አልቻለችም። አንድ ሰው ያስፈልጋታል።"

"ምን ላድርግላት?"

"ጌም ይጫወቱላት።"

ትክ ብለው አዩኝ። "አንተ ልጅ፣ አሞሃል?"

ስለ ደሙ ነገርኋቸው። እስከ ዛሬ መቅደስ "ድካም ነው" እያለች ስትሸፍን ነው የከረመች። ረቡዕ ሆስፒታል ማደሯንም "ለምርመራ ነው" ብላቸዋለች። መቀነታቸውን ፈትተው እንደገና አሰሩት።

"እኔ ነኛ ሳስነሣት የከረምሁ" አሉ።

"ነገ በሦስት ሰዓት" ብዬ ወጣሁ።

ቅዳሜ፣ 15

በሁለት ተኩል መጡ፣ መነጽራቸውን ይዘው። "ቤቶች" አላሉም። በጓሮ በር ገብተው አልጋው ራስጌ ቀድመው ተቀመጡ፤ መቅደስ ያየቻቸው ከተቀመጡ በኋላ ነው። ይህን እኔ አላስተማርኋቸውም።

ሠላሳ ዓመት በጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ የተበጠሰ ክር ሲቀጥሉ የኖሩ ጣቶች ናቸው። ቢሆንም መጀመሪያ ላይ ብዙ ጊዜ ሞቱ።

"ቀዩን ይጫኑ፣ እትዬ።"

"ተጫንሁ። ይኸው ሞትሁ።"

"እርስዎ ነዎት እኮ የለቀቁ።"

"እኔ? እኔ ለቅቄ አላውቅም። ፋብሪካው ሄደሽ ጠይቂ። አንቺ ነሽ እንደ ጭነት አህያ የጎተትሽኝ።"

መቅደስ ሆዷን ይዛ ሳቀች። ሳቅ ይጎዳት እንደሆነ ሐኪሟን አልጠየቅሁም ነበር፤ ደነገጥሁ። ደውዬ ጠየቅሁ። ትሳቅ አለች።

በአምስት ሰዓት የዕድሩ ሰብሳቢ ከነሚስታቸው መጡ። የመቅደስ ትከሻ ከትራሱ ሲነሣ አየሁ። እትዬ አንጓች ዓይናቸውን ከቴሌቪዥኑ ሳይነቅሉ፣ "ወዴት ነው? ገደል ላይ አንጠልጥለሽኝ?" አሏት። ትከሻዋ ተመለሰ። ሰብሳቢው በሩ ላይ ትንሽ ቆሙ። ኖር የሚላቸው ሲያጡ ራሳቸው በርጩማ ስበው ተቀመጡ። ቆይተው ደግሞ፣ "በዚያኛው ድንጋይ ቢሆን ይሻል ነበር" ማለት ጀመሩ።

"አንቱ ሰውዬ፣ ገመዱ ላይ ያለነው እኛ ነን" አሏቸው እትዬ አንጓች።

ዛሬ ለሰው አልተነሣችም። አንድም ጊዜ።

እሑድ፣ 16

ኪዳነ ምሕረት። አባቷ መሪጌታ ከዘጌ በጀልባ እንደሚመጡ ትናንት ማታ ደውለው ነበር። በእትዬ አንጓች ገመድ ብትታሰርም ለአባቷ ትነሣለች፤ ተነሥታም ጎንበስ ብላ ጉልበት ትስማለች። ያሰብሁት ወደብ ሄጄ ልቀበላቸውና መንገድ ላይ ልነግራቸው ነበር።

በሦስት ሰዓት መብራት ጠፋ። ሳጥኗ በፓወር ባንክ ትሠራለች፤ ቴሌቪዥኑ ግን አይሠራም። በባትሪ የሚሠራ ትንሽ ቴሌቪዥን ሱቅ አለኝ። ጀልባው በአምስት ነው የሚደርሰው ብዬ ወደ ሱቅ ሮጥሁ። ተሳሳትሁ። መሪጌታ ቀድሞ የሚወጣ ጀልባ አግኝተው ኖሯል።

ስመለስ ደፉ ላይ ተቀምጠዋል፤ ጀርባቸውን ለቤቱ ሰጥተው፣ ጥምጣማቸውን ፀሐይ እየመታው። የሆነ ነገር ደርሶ እሳቸው ከውጭ የቀሩ መሰለኝ።

እትዬ አንጓች ነገሩኝ። መቅደስ የአባቷን ድምፅ ከግቢው ስትሰማ ሁለት እግሯን መሬት አውርዳለች። እትዬ አንጓች በሩ ላይ ደርሰው፣ "መሪጌታ፣ እንዳይገቡ፤ ልጅዎ ከተነሣች ደም ያሰጋታል" ብለዋቸዋል። እሳቸው ምንም ሳይጠይቁ እዚያው ደፉ ላይ ቁጭ አሉ፤ ጀርባቸውንም ሰጧት።

"አባትሽ ገና ከጀልባ አልወረደም" አሏት መሪጌታ ዞር ሳይሉ። "ስትተኚ ይወርዳል።"

ተኛች። ከዚያ በኋላ ነው የገቡት።

ትንሹን ቴሌቪዥን ገጠምሁ። መሪጌታ መቋሚያቸውን በጉልበቶቻቸው መካከል አድርገው ብዙ ካዩ በኋላ፣ "ምንድን ነው ይኸ?" አሉ።

"ገመድ ነው፣ መሪጌታ። አንዳችን ከለቀቅን ሁለታችንም እንወድቃለን" አሉ እትዬ አንጓች።

"እንግዲያስ ወሬውን ተዉና ያዙ።"

ሠላሳ ሁለት ሳምንት ከአራት ቀን።

ሰኞ፣ 17

የሆስፒታሉ አግዳሚ ወንበር ላይ ሆኜ ነው የምጽፈው።

ጠዋት በአራት ሰዓት ነው የሆነው። አልተነሣችም። ጠያቂም አልመጣም። በግራ ጎኗ ተኝታ ጆይስቲኩን እንደያዘች "ይበልጣል" ብላ ጠራችኝ፤ ድምፅዋ ልክ አልነበረም። አንሶላው ቀልቷል። አቀፍኋት። መሪጌታ በር ከፈቱ፣ እትዬ አንጓች የጎረቤት መኪና አስነሡ። ጆይስቲኩን ሳትለቅ ስለወሰድኋት ሳጥኗ ተጎትታ መሬት ወደቀች። ማንም አልዞረም።

ቀዶ ሕክምና ክፍል ከገባች እስክትወጣ ያሰብሁትን አልጽፍም።

ሴት ልጅ። አንድ ኪሎ ከስምንት መቶ። አልቅሳለች አሉኝ፤ እኔ አልሰማሁም። ማሞቂያ ውስጥ ናት፣ በኦክስጅን። መቅደስ ደም ተሰጥቷት ነቅታለች።

ሐኪሟን፣ "ትናንት እግሯን አውርዳ ነበር፤ ከዚያ ነው?" አልኋት።

"አይደለም። የእንግዴ ልጁ ጠባይ ነው። ተኝታም ይመጣል፤ ይኸው ተኝታ ነው የመጣው።"

"እንግዲያ ያ ሁሉ መጠንቀቅ ለምን ነበር?"

"መርፌው ሳንባዋ ላይ እንዲሠራ ቀን አግኝታለች። እሱን አይናቁት።"

አልናቅሁም።

ማክሰኞ፣ 18

ጠዋት ትንፋሿ ሁለት ጊዜ ተቋረጠ። ኦክስጅኑን ጨመሩላት። የሚለየው ዛሬና ነገ ነው አሉን።

መሪጌታ ክንዴን ይዘው ወደ ኮሪደሩ መስኮት ወሰዱኝ። "ሴት ልጅ ክርስትና የምትነሣው በሰማንያ ቀኗ ነው። የሚያሰጋ ከሆነ ግን አይጠበቅም፤ ዛሬውኑ ቄስ መጥተው ያጠምቋታል። ሐኪሟን ጠይቃት።" ድምፃቸው እንደ ወትሮው ነው።

መቅደስ ፊቴን ስታይ ገባት። "አባባ ቄስ ላምጣ አሉ?"

"ሐኪሟን ጠይቃት አሉኝ።"

"ዛሬ አትጠይቃት። ከጠየቅሃት ትመልስልሃለች።"

አልጠየቅሁም። ሳትጠመቅ ብታልፍ መሪጌታ ይቅር አይሉኝም፤ እኔም ራሴን አልምርም። በሥራዬ ብዙ ጊዜ ሳላውቅ ወስኜ አውቃለሁ፤ እንዲህ ያለውን ግን አላውቅም።

ረቡዕ፣ 19

ሐኪሟ በሁለት ሰዓት ማሞቂያው ክፍል ገባች። መሪጌታና እኔ ከመስታወቱ ውጭ ቆምን። ብዙ ቆየች። ስትወጣ እኔ አፌን ሳልከፍት መሪጌታ ቀደሙኝ።

"ልጄ፣ እኛን ለማስደሰት እንዳትናገሪ። ሰማንያውን እንጠብቅ ወይስ እናስጠምቅ?"

የዚሁ አገር ልጅ ናት፤ ጥያቄው ገባት።

"ኦክስጅኑን ከትናንቱ በግማሽ ቀንሼዋለሁ፤ ችላዋለች። እርግጠኛ ነኝ አልልዎትም። እኔ ብሆን ግን እጠብቃለሁ።"

መሪጌታ ራሳቸውን ነቀነቁ። ለካ ቄሱን ከማለዳ ጠርተው ግቢው በር ላይ አስቀምጠዋቸው ነበር። ወጥተው "ለዛሬ ይመለሱ" ሲሏቸው ሰማሁ።

መቅደስ አልጋዋ ላይ ሆና ትጠብቀኛለች።

"እንጠብቃለን?" አለችኝ።

"እንጠብቃለን።"

ፊቷን ወደ ግድግዳው አዙራ አለቀሰች፤ እኔም ተውኋት። ከቀትር በፊት ወተቷ ጠብ ማለት ጀመረ። የብልቃጡን ሥር እንኳ በቅጡ አልሸፈነም። በሁለት እጄ ይዤ ማሞቂያው ክፍል ድረስ ወሰድሁት። ነርሷ ወደ ብርሃን ከፍ አድርጋ አየችው።

"ለዛሬ ይበቃታል" አለችኝ።