የባለቤቴን ትንንሽ መጻሕፍት ስላስፈጩልኝ

ለተከበሩ አቶ ደግፌ፣ በኪልበርን የማኅበራችን ሊቀመንበር፤

ጤናዎ እንደምን ሰንብቷል? ለጉልበትዎ፣ ለደም ግፊትዎ፣ ከሁሉም በላይ ለንጹሕ ኅሊናዎ ዘወትር እጸልያለሁ። እኔ የስቶክዌሏ ፀሐይወርቅ እንቅልፍ ከማጣቴ በቀር፣ እግዚአብሔር ይመስገን፣ ደኅና ነኝ። በግልጽ የምጽፍልዎ ምስጋናዬ በጓዳ የሚቀር ስላልሆነ ነው።

አንደኛ፣ የባለቤቴን ካርቶን በማኅበሩ ንባብ ክፍል እንዲያስቀምጡልኝ የሰጠሁዎትን አደራ ስለተቀበሉ አመሰግናለሁ። ባለቤቴ ኩርያን ከደቡብ ሕንድ፣ የኬረላ ሰው ነበር፤ ጅማ ሒሳብ ሊያስተምር መጥቶ አማርኛንም እኔንም ይዞ ለንደን ገባ። ባለፈው ኅዳር ሲያርፍ አንድ ካርቶን ትንንሽ መጻሕፍት ትቶልኝ ሄደ። በአገሩ ቋንቋ በማላያላም «ኮቹ ፑስተከም» ይሏቸዋል፤ ትንሽ መጽሐፍ ማለት ነው። ትንሽነታቸው በገጽ እንጂ በነገር አልነበረም፤ የሚያወሩት ስለ ወንድና ሴት መኝታ ነው።

እሱ እንደነገረኝ፣ በወጣትነቱ ዘመን የአውቶቡስ ማቆሚያ ነጋዴዎች ከመጽሔቶች ጀርባ ደብቀው፣ በጋዜጣ ጠቅልለው ይሸጧቸው ነበር። ተማሪው በፊዚክስ መጽሐፉ መሐል ከቶ ያነባል፤ ሚስት ከባሏ ፍራሽ ሥር ሰርቃ፣ አንብባ ትመልሳለች። ጸሐፊዎቹ ወንዶች ሆነው ሳለ የሴት ስም ይጽፉባቸዋል፤ ፖሊስ ሲመጣ ያቺ ሴት የለችም። በየመንደሩ ቤተ መጻሕፍት ባለበት አገር አንዱም አላስቀመጣቸውም ይል ነበር። ሁሉም ያነባል፣ ማንም አነበብኩ አይልም። ሁሉም በእጅ ስልኩ ማየት ሲጀምር ጭራሽ ጠፉ። ኩርያን ግን ለዕረፍት በሄደ ቁጥር ይሰበስብ ነበር።

እኔ ፊደሉን አላውቅም። እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ እሱ ወደ አማርኛ እየመለሰ ያነብልኝ ነበር። አማርኛችን በዚህ በኩል ቁጥብ ነውና ቃል ሲያጣ ቆም ብሎ ፊቴን ያያል፤ እኔ ደግሞ በትራስ እሸፈናለሁ። በትዳራችን የሳቅነው ሳቅ ሁሉ እዚያ ካርቶን ውስጥ ነበር።

ሁለተኛ፣ ስለ ፈጣን ውሳኔዎ። ባለቤቴን ያስታመመችው የኬረላ ነርስ ሊሲ ልታነብልኝ ቃል ገብታ ቅዳሜ ንባብ ክፍላችን አብራኝ መጣች። መደርደሪያው ባዶ ነበር። ኮሚቴው የሽፋኑን ሥዕል አይቶ ካርቶኑን ለወረቀት ፈጪዎች መስጠቱን እርስዎ ነገሩን። ከእናንተ ማላያላም የሚያነብ ማን እንደሆነ ስጠይቅዎ፣ «እትዬ ፀሐይወርቅ፣ ብልግና አስተርጓሚ አይፈልግም» አሉኝ።

ሊሲ ምን እንዳሉ ጠይቃኝ ነገርኳት። «እናቴ ሩዝ ዕቃ ውስጥ የምትደብቀው አንድ ነበራት» አለችኝ። «የቀብሯ ዕለት አባቴ አውጥቶ አቃጠለው።»

ሦስተኛ፣ ወይም አራተኛ፣ ቁጥሩ ጠፍቶብኛል፣ በአውቶቡስ ቶተንሃም፣ ወረቀት መፍጫው ድረስ ሄጄ ነበር። ቲቶ የሚባል በረኛ አዝኖልኝ አስገባኝና የታሰረ የብጣሽ ወረቀት ክምር አሳየኝ፤ የሽንት ቤት ወረቀት እንደሚሆን በትሕትና ነገረኝ። ክምሩን በእጄ ብበትነውም ከማላያላም ፊደል አንድም ሙሉ ቃል አላገኘሁም።

ቤቴ ገብቼ ኩርያን ካነበበልኝ አንዱን፣ የጀልባ ቀዛፊውን ሚስት ታሪክ፣ ለራሴ ልነግር ሞከርኩ። ባሏ ወንዙ ማዶ ሳለ በሩ ይንኳኳል። ከዚያ በኋላ ያለው ጠፋኝ። አቶ ደግፌ፣ የኩርያንም ድምፅ አብሮ እየጠፋብኝ ነው። ይህን ለማን ብዬ ልንገር? ማኅበሩ ለቅሶ የሚቀመጥበት ቤት አለው፣ ለዚህ ግን የሚቀመጥልኝ ሰው የለም።

በሥነ ምግባር ጠባቂነትዎ ጥላ ሥር ባዶ እጇን የቀረች፣ ውለታዎን እስከ መቃብሯ የማትረሳ አክባሪዎ፣

ፀሐይወርቅ መዝገቡ፣ የኩርያን ሚስት

ማስታወሻ፦ የማኅበሩ ጽዳት ሠራተኛ ዐብዱ ካርቶኑ ሲወጣ ጎደሎ ነበር ይላል። ከኮሚቴዎ አንድ ሰው ጥቂቱን ኮቱ ሥር ሸጉጦ ቤቱ ወስዶ እንደሆነ አልከሰውም፣ ስሙንም አልጠይቅም፤ እባርከዋለሁ። በጥቁር ፌስታል ጠቅልሎ በፖስታ ማስገቢያዬ ይጣልልኝ። እርስዎም ከሆኑ፣ አቶ ደግፌ፣ አይቸኩሉ፤ አይተው ሲጨርሱ ይበቃኛል።