ወደ ቤይሩት የላክነው ኩራቢያ

ይድረስ ለታላቅ እህቴ፣ ለእትዬ የሺወርቅ፤
ደሴ።

እትዬ፣ ሰላምታዬ ከሰበታ ተነስቶ፣ የጣርማ በርን ጉም ሰንጥቆ፣ ደጃፍሽ ድረስ ይድረስሽ። እንደምን ከርመሻል? ያ ክረምት በገባ ቁጥር የሚነሳብሽ የጉልበት ቁርጥማት ለቀቀሽ ወይስ አሁንም ቁልቁለት ያስፈራሻል? የባለቤትሽ የጋሽ ካሳሁንስ ሳል? ልጆቹስ ደህና ናቸው? አባባ ወንዳፍራሽ ዓይናቸው በረታላቸው ወይ? እኔ በአካሌ ደህና ነኝ፣ አምላክ ይመስገን፤ ሐሳቤ ግን አንድ ቦታ አልቀመጥ ብሎኛል። ይህን ወረቀት ከያዝኩ ሦስት ጊዜ ተነስቻለሁ። አንዴ በሩን ለመዝጋት፣ አንዴ የዘጋሁትን ለመክፈት፣ አንዴ ደግሞ ለምን እንደተነሳሁ ሳላውቅ ግቢውን ዞሬ ተመለስኩ። ስለዚህ ጽሕፈቴ ቢንጋደድ አትቀየሚኝ። ጋሽ ካሳሁንም ሲያነቡልሽ ቀስ ይበሉ፤ ነገሩ ብዙ ነው።

በመስከረም በላክሽው ደብዳቤ «ምነው ዝም አልሽ?» ብለሽኝ ነበር። ዝም ያልኩት ደብቄው የኖርኩት ነገር ስለነበረኝ ነው። አሁን ግን ወጥቶልኛል፤ ልንገርሽ።

አሠሪዬን ማዳም ሲራኑሽን በወሬ ታውቂያቸዋለሽ። ዘራቸው አርመን ይሁን እንጂ ተወልደው ያደጉት አዲስ አበባ ነው፤ አማርኛቸው ከኔ ይበልጣል። ባላቸው ሙሴ ሃጎፕ እዚህ ሰበታ ወፍጮ ቤት ነበራቸው። እኔ በአሥራ ሰባት ዓመቴ ገብቼ እነሆ አሥራ አንድ ዓመት ሞላኝ። ሙሴ ከሞቱ ወዲህ በዚያ ሰፊ ቤት የቀረነው እኔና ማዳም ብቻ ነን። አናሂድ የምትባል አንዲት ልጅ አለቻቸው፤ ባል አግብታ ቤይሩት ከሄደች ዘጠኝ ዓመቷ ነው።

ማዳም በየልደቱና በየፋሲካው ኩራቢያ የሚባል የቅቤ ብስኩት ይጋግራሉ። ኦቦ ሁንዴ የሚባሉ ከወንዙ ማዶ ያሉ ሰው በየማክሰኞው ለጋ ቅቤ ያመጡልናል። ቅቤው ይነጠራል፤ ግን ኮረሪማ የለ፣ ኮሰረት የለ፣ ባዶውን ነው። በመጀመሪያው ዓመት ደግ የሠራሁ መስሎኝ ኮረሪማ ብጨምርበት ማዳም ራሳቸውን ይዘው ጮኹብኝ። የነጠረው ቅቤ ሲረጋ እንደ ተነደፈ ጥጥ እስኪነጣ በእጅ ይመታል። ከዚያ የደቀቀ ስኳር፣ ከዚያ የተነፋ ፉርኖ ዱቄት በጭብጥ በጭብጥ ይገባበታል። ሊጡ በመዳፍ ይድበለበልና እንደ ተኛ እባብ ይጠመዘዛል፤ ወገቡ ላይ አንድ ቅርንፉድ ይሰካበታል። ጓሮ ባለው የጡብ ምድጃ ፍሙ ተጠርጎ ከወጣ በኋላ በቀረው ሙቀት ብቻ ይበስላል። ነጭ እንደሆነ መውጣት አለበት፤ ከቀላ አበቃለት። ደግ ሆኖ የወጣው አፍ ውስጥ ሳይታኘክ ይሟሟል ይላሉ።

ከአራት ዓመት በፊት የማዳም እጅ መንቀጥቀጥ ጀመረ። መጀመሪያ ስኒ ሲያነሱ፣ ቀጥሎ መርፌ ሲይዙ፣ በኋላ ሊጡ ላይ። አናሂድ ደግሞ በየደብዳቤዋ «ኩራቢያሽ እስከመጣልኝ ድረስ ደህና እንደሆንሽ አውቃለሁ፤ የቀረ ዕለት መጥቼ እወስድሻለሁ» ትላቸው ነበር። ማዳም ከባላቸው መቃብር፣ ከዚህ ግቢ፣ ከዛፎቻቸው መለየት ሞት መሰላቸው። አንድ ቀን ምድጃው አጠገብ በርጩማቸው ላይ ተቀምጠው «ውብዬ፣ እጅሽን አውሺኝ» አሉኝ። ምን ልበል? ሰጠኋቸው። ከዚያ ወዲህ የምደበልለውም የምጋግረውም እኔ ሆንኩ። በቆርቆሮ ጣሳ አሽገን በመንገደኛ ስንልክ አራት ዓመት አለፈ። እጃቸው ብዕር ስለማይዝላቸው፣ ደብዳቤውን ዓይኔ ደክሟል እያሉ አንድ የአዲስ አበባ ዘመዳቸውን ያስጽፋሉ። ከቤይሩት መልስ ሲመጣ «እጅሽ ዛሬም አልተለወጠም» ይላል። ማዳም አንብበውልኝ ይስቃሉ፣ እኔም እስቃለሁ፤ ምሳችን ግን ሳይነካ ይቀራል።

እንዲህ እያለን ታኅሣሥ ሃያ አራት ቀን፣ ቅዳሜ፣ አናሂድ ሳትነግረን ከተፍ አለች። የናፍቆቱን ለቅሶ ተይው። ማዳም ግን ልጃቸውን ባቀፉበት እጅ ወዲያው ሻርፓቸውን ተከናንበው እጃቸውን ከሥሩ ከተቱ። «ብርድ ነው» አሉ። ሦስት ቀን ሙሉ ብርድ ነው። በፀሐይ ብርድ ነው። ሾርባ ሲቀርብ «በኋላ እበላለሁ» ይሉና አናሂድ ዞር ስትል እኔ በማንኪያ አጎርሳቸዋለሁ። ድምፅ በሰማሁ ቁጥር እደነግጣለሁ።

የነሱ ልደት ከኛ ገና በአንድ ቀን ይቀድማል። ማክሰኞ ዋዜማቸው ነበርና አናሂድ «ዛሬ አብረን እንጋግር» ስትል ማዳም «አንቺ አዲስ አበባ ቤተ ክርስቲያን ሳሚ፤ ስትመለሺ ደርሶ ታገኚዋለሽ» ብለው በጠዋቱ አውቶቡስ ላኳት። እስከ ማታ አትመለስም ብለን እጅጌዬን ሰበሰብኩ። ግን እትዬ፣ ችኮላ የሰይጣን ናት። ቅቤው ሳይረጋ መታሁት፤ ሊጡ እንደ አጥሚት ቀጠነ፤ ትሪው ላይ ተንጣልሎ ቀላ። እኔ በጾም ላይ ነኝ፣ መቅመስ አልችልም፤ የማዳም ምላስ ደግሞ ከበሽታው ወዲህ ጣዕም አይለይላቸውም። ስለዚህ እንደ ወትሮው ጎረቤታችንን፣ የባለሱቁን ሚስት ረምዚያን ጠራኋት። አሸተተችው፣ ቆረሰችው፣ አላመጠችው። «ውብዬ፣ ለሻይ ይሆናል» አለችኝ፤ «የናንተ ግን አይደለም።»

እንደገና ጀመርኩ። ስምንት ሰዓት ገደማ ሁለተኛውን ሊጥ እስከ ክንዴ ተነክሬበት ስጠመዝዝ፣ ማዳም ሻርፓቸውን አውልቀው በርጩማቸው ላይ ተቀምጠው፣ እጃቸው ጭናቸው ላይ እንደ ታሰረች ወፍ እየተንፈራገጠ ሳለ፣ አናሂድ በጓሮ በር ገባች። የሚያውቃት ሰው በመኪና አምጥቷት ኖሯል። ቆማ እጄን አየች፣ የእናቷን እጅ አየች።

«ማይሪግ» አለች፤ በነሱ ቋንቋ እናቴ ማለት ነው። «ስንት ዓመት ሆነው?»

ማዳም አንገታቸውን ደፉ። እኔ ነኝ «አራት» ያልኩት።

ያን ጊዜ ወደኔ ዞረች። «እኔ ሰው ናት ብዬ እናቴን የተውኩት ላንቺ ነው! ልጆቼን በየበዓሉ ዙሪያዬን ሰብስቤ ይህ የአያታችሁ እጅ ነው እያልኩ አበላቸው ነበር። ልጆቼን ውሸታም አደረግሽብኝ» አለችኝና ክፍሏ ገብታ በሩን ዘጋች።

ልብሴን ልሰበስብ ብዬ ስነሳ ማዳም «የት ነው? ምድጃው እየቀዘቀዘ ነው» አሉኝ። ከምድጃው የባሰ የቀዘቀዝኩት እኔ ነኝ ልላቸው ፈልጌ ነበር። በዚያ ፈንታ ትሪውን አስገባሁ። «አውጪው» ሲሉኝ አወጣሁ። ነጭ ሆኖ ወጣ።

ሽታው አናሂድን ከክፍሏ አስወጣት። እንደቆመች አንዱን አነሳች፣ አፏ ውስጥ ያዘችው፣ ዓይኗ ሞላ። እኔም ፍርሃቴን ዋጥ አድርጌ፣ «እመቤት፣ ልጆችሽን አልዋሸሽም» አልኳት። «እናትሽ ከአጠገቤ ተነስተው አያውቁም። ቅቤው መንጣቱን የሚያውቁ እሳቸው ናቸው፤ አውጪው የሚሉኝም እሳቸው ናቸው። እኔ ሰዓቱን እስከ ዛሬ አላውቀውም።»

ወንበር ስባ ከእናቷ እግር ሥር ተቀመጠች። በራሳቸው ቋንቋ ብዙ ተነጋገሩ፤ ማዳም አለቀሱ፣ እሷም አለቀሰች። በመጨረሻ ማዳም እኔ እንድሰማ በአማርኛ «እሄዳለሁ» አሉ። «የፈራሁት ቤይሩትን አይደለም። በልጄ ማድቤት እጇ የማይሠራ እንግዳ መሆን ነው የፈራሁት።» አናሂድም «እኔም እኮ መጋገር አልችልም፤ አስተምሪኝ ብዬሽ አላውቅም» አለች። ከዚያ ወደኔ ቀና ብላ፣ «ታስተምሪኛለሽ?» አለችኝ። ያቺ የጮኸችብኝ ሴት፣ እትዬ!

ከገናችን ማግስት ጀምሮ ሦስት ቀን አስተማርኳት። የመጀመሪያውን አሳረረች፣ ሁለተኛውን ዱቄት አበዛችበት፣ ሦስተኛው ልክ ሆነ። ማዳም «አውጪው» ሳይሏት አወጣችው። ደስ ሊለኝ ሲገባ የሆነ ነገር የተሰረቅሁ መሰለኝ። አንቺ ባትሆኚ ይህን ለማንም አልናገርም።

ቅዳሜ ዕለት አናሂድ «አንቺም ከኛ ጋር ነይ፣ ወረቀቱን እኔ አስጨርሳለሁ» አለችኝ። ልቤ ዘለለ። ማዳም ግን አፌን ሳልከፍት «አይሆንም!» አሉ። «ይህች ልጅ ወጣትነቷን እኔ ቤት አሳልፋለች። እዚያ ደግሞ አገሩን ሳታውቅ፣ ቋንቋውን ሳታውቅ፣ የኔን እጅ ይዛ ታርጅልኝ? ይበቃታል።» ተቆጥቼ ወደ ጓሮ ወጣሁ። አንድ ጊዜ እንኳ ምን ትያለሽ አላሉኝም። ነጻ ያወጡኝ ከፍቅር የተነሳ እንደሆነ አውቃለሁ፤ የተባረርኩ ያህል ግን አንገበገበኝ። ብጠየቅ እሺ እል ነበር ወይ? እሱንም አላውቀው።

ሰኞ ሄዱ። መኪናው ሞተሩን አስነስቶ እየጠበቀ፣ እጃቸው እንዳይንቀጠቀጥ በሁለት እጄ አጥብቄ ያዝኩላቸው። «አግቢ፣ ውለጂ» አሉኝ፤ «ካልሆነልሽም ግድ የለም፤ ብቻ የሰው ቤት አትቅሪ።» መኪናው የጅማን መንገድ ይዞ ወደ አዲስ አበባ ሲታጠፍ እስኪጠፋ ቆሜ አየሁ።

ትናንት ማክሰኞ ኦቦ ሁንዴ እንደ ልማዳቸው ቅቤውን በቅጠል ጠቅልለው መጡ። «ማዳም ሄደዋል እኮ» ብላቸው «ሰው ቢሄድ ላሟ አልሄደችም» ብለው አስቀመጡልኝ። ረምዚያ ደግሞ «እዚሁ ሁኚ፣ ጋግሪ፣ እኔ በሱቄ እሸጥልሻለሁ» አለችኝ። ደግ ሐሳብ ነው። ግን ከክፍል ወደ ክፍል እዞራለሁ፤ ማንም ሳይጠራኝ አቤት እላለሁ። በዚህ ቤት ቁጭ ብል የምጠብቀው እሳቸውን ነው የሚሆነው። ስለዚህ ቆርጫለሁ፤ የቤቱን ቁልፍ ለረምዚያ ሰጥቼ ቅዳሜ እነሳለሁ። ለጥምቀት ደሴ ነኝ።

አትምጪ እንዳትይኝ፤ መልስሽ ሳይደርሰኝ እኔ መንገድ ላይ እሆናለሁ። ጋሽ ካሳሁን ጡብ የሚሠራ ደህና ግንበኛ እስከዚያው ያፈላልጉልኝ። ከጓሮሽ፣ ከአጥሩ ጥግ፣ ለምድጃ የምትሆን ስፍራ ፍቀጂልኝ። ደሴ ኩራቢያ ምን እንደሆነ አያውቅም፤ እኔ ደግሞ ሌላ ሥራ አላውቅም። ይለምድልኝ አይለምድልኝ እንጃ፤ ይህን ሳስብ ግን ለመጀመሪያ ጊዜ ዛሬ ከተቀመጥኩበት ሳልነሳ አንድ ገጽ ጻፍኩ።

ለአባባ ወንዳፍራሽ ጉልበታቸውን ስመሽ ምርቃታቸውን ጠብቂልኝ። ለጋሽ ካሳሁን አክብሮቴ ይድረሳቸው፤ ይህን ሁሉ ሲያነቡ ጉሮሯቸው ከደረቀ ይቅር ይበሉኝ። አሥራትን ጉንጩን ሳሚልኝ። ማሪቱን አክስትሽ ከእንግዲህ በደብዳቤ ሳይሆን በእግሯ ትመጣለች በያት፤ መኝታዬንም ከሷ ጋር አድርጊልኝ።

እህትሽ ውብአየሁ፤
ሰበታ፣ ጥር ፭ ቀን ፲፱፻፶፯ ዓ.ም.