አባታችንን ይዤ የወጣሁት ዳገት

ለወንድሜ ለቬላፊ ምባታ፣ ኬፕታውን

ወንድም ዓለም፣ እንዴት ከርመሃል? ያ ክፉ ሳልህ ለቀቀህ ወይስ የወደቡ ንፋስ አሁንም ይጫወትብሃል? ሚስትህ ኖምቩላስ፣ ትንሹ ልጃችሁስ ደህና ናቸው? እኛ ደህና ነን። እናታችንም ጉልበቷን ከማማረር በቀር ደህና ናት፤ ስብሰባ ሲጠራ ግን ጉልበቷ ወዲያው ይድናል። ስልኩን ጆሮዬ ላይ ከዘጋህ ወዲህ ድምፅህን አልሰማሁም። ደብዳቤ ጆሮ ላይ አይዘጋምና ይኸው ጻፍኩልህ።

ነገሩን ግማሹን ብቻ ነው የሰማኸው፤ "አባቴን ከመቃብራቸው የሚያነሳ ወዮለት!" ብለህ ዘጋህ። እስቲ ከመጀመሪያው ልንገርህ። የማዘጋጃ ቤቱ መሐንዲስ ካርታውን ዘርግቶ የውኃው ቧንቧ የሚያልፍበትን ሲያሳየን፣ መስመሩ ሄዶ ሄዶ በታችኛው ግቢያችን፣ ከከብቶቹ በረት ጥግ፣ አባታችን ራስጌ ላይ አረፈ። በሌላ በኩል ይሂድ እንዳይባል ዓለት ነው፤ ዓለቱ ተፈልጦ እስኪያልቅ የበጀት ዓመቱ ያልቅና ያልተሠራበት ገንዘብ ተመላሽ ይሆናል። አንተ ለገና እስክትመጣ እንድንጠብቅህ ፈለግህ። እስከዚያማ የእኛ ቧንቧ የሌላ መንደር ቧንቧ ሆኗል።

በስብሰባው ድንኳን ውስጥ ሁሉም እናታችንን ያያል። አርጅታለች፣ ሴት ናት ሲሏት ምክር ቤት የገባችው "ውኃ አመጣላችኋለሁ" ብላ አይደል? ሽማግሌው ማጉባኔ፣ በምርጫው ጊዜ ለተወዳዳሪዋ ሲለፍፍ የከረመው፣ ብድግ አለና "ማሲቢያ፣ የመረጥንሽ የባልሽን መቃብር እንድትጠብቂ ነው እንዴ?" አላት። የሳቀም ነበር። ደሜ ፈላ። እሷ ግን ቀዩን ባርኔጣዋን አስተካክላ፣ "መቃብሩ የእኔ አይደለም፣ ባለቤት አለው። ጠይቄው እነግራችኋለሁ" አለች። ከዚያ ወዲያ የሳቀ የለም።

የማሽላ ጠላ ጠመቅን፣ ፍየል ታረደ፣ እናታችንም መቃብሩ አጠገብ ተንበርክካ አባታችንን በጎሣ ስማቸው እየጠራች አነጋገረቻቸው። በሕይወት ሳሉ እንደምትነዘንዛቸው አድርጋ ነው ያነጋገረቻቸው፤ "ሻንዱ፣ ከወንዝ ውኃ ስሸከም ወገቤ ሲቆረጥ አይተሃል። አሁን ውኃው እስከ ደጃችን ሊመጣ ነው፣ እባክህ ትንሽ ጠጋ በልልን" አለቻቸው። ጭቅጭቁ የመጣው ከዚያ በኋላ ነው። አፅማቸውን በአዲስ ሣጥን ወንዶቹ ይሸከማሉ፤ የቁርቁራውን ቅርንጫፍ ይዞ መንፈሳቸውን ወደ ላይኛው ግቢ የሚመራውስ ማን ይሁን? አጎታችን ቤኪ "ወንድ ልጅ እያለው ሴት አትመራውም፣ እኔም የቬላፊን ቦታ አልወስድም" ብለው ከዘራቸውን ተደግፈው ቆሙ። እናታችን ወደ እኔ ዞረች። "ይህችስ የሻንዱ ልጅ አይደለችም? ባጃቡሊሌ፣ አንሺ!" አለች። አነሳሁ።

ቅርንጫፉን የያዘ ከሟቹ በቀር ማንንም እንደማያናግር ታውቃለህ። እኔን ደግሞ ታውቀኛለህ! ቤተ ክርስቲያን ውስጥ እንኳ ወሬ አላስችል ብሎኝ ስንቴ ተቆንጥጫለሁ። "አባባ፣ አሁን በረቱን ለቀቅን፤ አባባ፣ አሁን የማጉባኔን አጥር አለፍን" እያልኩ ዳገቱን ተያያዝኩት። ወደ መሐል ስንደርስ ከንቲባው ወሬውን ሰምቶ ኖሮ በዚያ በሚያብረቀርቅ መኪናው፣ ፎቶ አንሺ አስከትሎ፣ ከተፍ! በችኮላው ቅርንጫፉን አላየም፤ እጁን ዘረጋልኝ። ዝም። "እህቴ፣ ቤተሰባችሁ ለሕዝቡ ያደረገው..." ዝም። ፎቶ አንሺው ጭራሽ "ፈገግ በይ" አለኝ! ምላሴን ነክሼ ልቆርጠው ምንም አልቀረኝ። የከንቲባው ፊት መጨማደድ ሲጀምር፣ ያ ነገረኛ ማጉባኔ ባርኔጣውን አውልቆ ከፊቴ ቀደመና "ሰው ይዛለች እኮ! መንገድ ልቀቁ፣ ሻንዱ እያለፉ ነው!" ብሎ አምባረቀ። ከንቲባው ክው አለ። ፎቶ አንሺውን ወደ መኪናው መለሰና ራሱ ከሰዉ ኋላ ገብቶ፣ በተወለወለ ጫማው አቧራውን እያቦነነ እስከ ጫፍ ወጣ። ቬላፊ፣ ኮራሁ! በሕይወታቸው አንድ ቀን መኪና ያልቆመላቸው አባታችን ከንቲባ በእግሩ ሸኛቸው።

ቧንቧው በጊዜው ተቀበረ። ውኃው የመጣ ቀን እናታችን ባልዲዋን ይዛ ወረፋ ቆመች። ማጉባኔ "የምክር ቤት አባል ትቅደም" ቢላት፣ "አንተ ደግሞ! ዛሬ ብቀድም ነገ ስብሰባ ላይ ልታነሳብኝ ነው" አለችው። ሰዉ ሳቀ፣ እሱም ሳቀ። ዛሬማ "የእኛ ማሲቢያ" እያለ የሚለፍፍላት እሱ ሆኗል። ሴትዮዋ አላሳፈረችንም፣ ወንድሜ።

አሁን የጻፍኩልህን ምክንያት ልንገርህ። ያን ቀን በመንገዳችን፣ ወንዙ መሻገሪያ ላይ ቅርንጫፉ ከበደኝ። እውነቴን ነው፣ እጄ ዛለ፣ እግሬ አልነሳ አለኝ። አጎታችን ያሉት ከጆሮዬ አልወጣ ብሎ፣ አባታችን "ልጄስ?" ብለው ወዲያ ማዶ የቀሩ መሰለኝ። ያን ጊዜ "አባባ፣ የላከኝ ቬላፊ ነው። ሥራው አልለቅህ ብሎት ነው እንጂ 'እህቴ ትምራዎት' ብሏል" አልኳቸው። እጄ ቀለለኝ፣ ተሻገርን። አንተ እንዲህ አላልክም። ለቆመ ሰው ብዙ ዋሽቻለሁ፤ አባታችንን ስዋሽ ግን የመጀመሪያዬ ነው፣ ብቻዬንም ላስተካክለው አልችልም። ና። ተቆጣኝ፣ ከፈለግህም ስደበኝ፤ ብቻ ፊታቸው ቆመህ "አዎ፣ የላክኋት እኔ ነኝ" በላቸው።

እናታችን ግንባርህን ስማሃለች፤ "ያኩርፍ፣ ሳሉን ግን ይታይ" ብላለች። አጎታችን ቤኪ "ቦታህ አልተወሰደም" በለው ብለውኛል። ኖምቩላን ጉንጯን፣ ትንሹን እግሩን ሳምልኝ። ማጉባኔ እንኳ ሰላም ብሎሃል። ከአባታችን ግን ሰላምታ አላመጣሁልህም፤ እሳቸው መጀመሪያ ያንተን ቃል ይጠብቃሉ።

እህትህ ባጃቡሊሌ
ኤምፎሎንጄኒ፣ ኦገስት 14 ቀን 2022 እ.ኤ.አ.