የኤክሃርት ፊርማ

ማክሰኞ፣ ሴፕቴምበር 2

ዛሬም ደረጃውን ወደ ኋላ ዞሬ ነው የወረድኩት። ፊት ለፊት ከወረድኩ ቀኝ ጉልበቴ አያስቆመኝም። ባለቤቴ ቪብከ ከታች ሆና አየችኝ። "ምነው፣ መኪና ነው እንዴ የምታቆመው?" አለች። ሳቅኩ። እሷ አልሳቀችም። ሠላሳ አምስት ዓመት አብረን ኖረን መቼ እንደምትስቅ አሁንም አላውቅም።

ቀዶ ጥገናው በ15 ነው። ሁለት ጊዜ አራዝሜዋለሁ፣ ሁለቴም በጨዋታ ምክንያት። ጨዋታ ስል... የአንጋፎች ቡድን። ድሮ አንድ ክለብ የነበርን ሽማግሌዎች ቅዳሜ ቅዳሜ እየተሰበሰብን ከየመንደሩ ቡድን ጋር እንጫወታለን። ቋሊማ እንበላለን፣ ቢራ እንጠጣለን፣ ለሰው እንፈርማለን። ሐኪሙ ቁርጡን ነግሮኛል፤ የብረት ጉልበት ከገባ በኋላ ኳስ የለም።

ማታ ቪብከ ቀስ ብላ፣ "ለሦስተኛ ጊዜ ካራዘምክ ኖርደርናይ ደሴት እህቴ ጋ እሄዳለሁ። ብቻዬን። መቼ እንደምመለስም አልነግርህም" አለች።

ብትጮኽብኝ ይሻለኝ ነበር።

ሐሙስ፣ ሴፕቴምበር 4

ደከመኝ። ምንም ሳልሠራ ደከመኝ።

ዴትለፍ ደወለ። ቡድኑን የሚያሰባስበው እሱ ነው፣ ድሮ በረኛችን ነበር። "አንተ ሽማግሌ! ቅዳሜ ሙንስተር ከተማ አጠገብ የአንድ መንደር ክለብ መቶ ዓመቱን ያከብራል። ትመጣለህ አይደል?" እመጣለሁ አልኩ። "በ20ም ጨዋታ አለን። አማካይ የለኝም፣ ሁሉም ወገቡን ይዞ ተኝቷል።" በ20 እኔ ሆስፒታል ነኝ። ለምን አልነገርኩትም? "እናያለን" አልኩት።

ቪብከ ድንች እየላጠች ነበር። ቢላዋዋ ቆመ... ከዚያ ቀጠለች።

ቅዳሜ፣ ሴፕቴምበር 6

ቪብከ አብራኝ መጣች። ጨዋታዬን ካየች ስንት ዓመቷ! "ቁርጡን ልየው ብዬ ነው" አለች።

ዝናቡ ያካፋል። የመንደሩ የእሳት አደጋ ሠራተኞች ድንኳን ተክለው ቋሊማ ይጠብሳሉ። ገና ከመግባቴ አንድ ዳቦ ጋጋሪ፣ ሆዱ ቀድሞት የሚሄድ ሰውዬ፣ በጎኔ አለፈኝ። ሁለቴ! እኔን! አሥራ አራት ዓመት ሥራዬ ምን ነበርና? የተቃራኒውን ምርጥ ተጫዋች መከተል። "ሽንት ቤት ቢገባ በሩ ላይ ጠብቀው" ይለኝ ነበር አሰልጣኛችን። ኳሷን እቀማለሁ፣ ለአጥቂያችን ለኤክሃርት እሰጣለሁ፣ ኤክሃርት ያገባል፣ ሕዝቡ ኤክሃርት! ኤክሃርት! ይላል። እኔ ያገባሁት በጣት ይቆጠራል፣ ጣትም ይተርፋል።

ተቀይሬ ስወጣ አንድ በዕድሜ የገፉ ሰው የተጫዋች ፎቶ ያለበት ካርድ ይዘው መጡ። "ቦልማን! ይቺን ሠላሳ ዓመት አስቀምጬልዎታለሁ።" ካርዱን አየሁት። የኤክሃርት ቦልማን ፎቶ ነው... ያ ጸጉር፣ ያ ጥርስ። እሱ ማዮርካ ደሴት ላይ ቤት ይሸጣል፣ ለእንዲህ ያለ ጨዋታ መች ይመጣል!

አይደለሁም ልላቸው ነበር። ካርዱ በዝናብ እየራሰ ነው፣ ጉልበቴ አልቆም ብሏል። አሁን እኔ እሱ አይደለሁም በል፣ ስምህን ንገር፣ "ማን?" ሲሉህ ስማ... ማን አቅም አለው? ፈረምኩላቸው። ኤክሃርት ቦልማን ብዬ። ፊርማውን ሳላየው አውቀዋለሁ፣ ስንት ዓመት ጎኑ ተቀምጫለሁ።

"ያቺ በግማሽ ፍጻሜው ያገቧት ጎል!" አሉኝ።

"አዎ" አልኩ። ኳሷን ያቀበልኩት እኔ ነኝ።

ዞር ስል ቪብከ ጃንጥላ ይዛ ከኋላዬ ቆማለች።

እሑድ፣ ሴፕቴምበር 7

ዛሬ ቁርስ ላይ ፈነዳች።

"የማንን ስም ነው የፈረምከው?"

"ሽማግሌው ደስ ይበላቸው ብዬ..."

"ልጅህ ስትወለድ ቅዳሜ ነበር፣ አልነበርክም። ስትዳርም ቅዳሜ ነበር፣ ኬኩ ሳይቆረስ ሄድክ። እኔ ይሄን ሁሉ ቅዳሜ የሰጠሁት ለአንተ፣ ለፎልክማር መስሎኝ! ለኤክሃርት ከሆነማ እሱን አገባ ነበር!"

ሳቄ መጣ፣ ዋጥኩት። ወዲያው ደግሞ ማልቀስ አማረኝ። ምን ልበላት? እውነቷን ነው። እኔ እንደሆን ለኳሱ አይደለም የምሄደው። ቅዳሜ ቤት ብውል ምን እሆናለሁ? ያለ ማልያው ማን ነኝ? እሱን ነው የምፈራው። ለእሷ ግን አልነገርኳትም።

ረቡዕ፣ ሴፕቴምበር 10

ለዴትለፍ ደወልኩ።

"በ20 አልመጣም። ከዚያ በኋላም።"

"ምን ነካህ አንተ?"

"ጉልበቴን ላስቀይር ነው።"

"ሽኝት ነገር እናዘጋጅልህ?" አለ። ሽኝት... ክለቡ ያሰናበተኝ መኪና ማቆሚያው ላይ ነው፣ ሥራ አስኪያጁ የመኪናውን በር እንደያዘ። ሞተሩን እንኳ አላጠፋም። ሽኝት ቢያምረኝ ያኔ ነበር።

"ይቅርብኝ። ቋሊማዬን አንተ ብላልኝ።"

ቪብከ ሁሉንም ሰምታለች። የድንቹን ግማሽ ወደ እኔ ገፋ አድርጋ ቢላዋ አቀበለችኝ።

ሰኞ፣ ሴፕቴምበር 15

ሐኪሞቹ እግር እንዳይሳሳቱ ነርሷ ቀኝ እግሬ ላይ ቀስት ሳለች። "ሥራዎ ምን ነበር?" አለችኝ። መሮጥ፣ አልኳት። ፈርቻለሁ።

ሐሙስ፣ ሴፕቴምበር 18

ያማል። ቪብከ ኮሪደሩ ላይ ከፊት ከፊት ትሄዳለች፣ እኔ በክራንች እከተላታለሁ። ሰው መከተልስ ሙያዬ ነው።

ኦክቶበር 4

ማገገሚያ ከገባሁ ሰነበትኩ። ቪብከ ልትጠይቀኝ መጥታ ምሳ አብረን በላን። ከፊታችን የተቀመጠው፣ ዳሌውን የተቀየረው ሰውዬ፣ ሲያየኝ ሲያየኝ ቆይቶ፣ "ቆይ ቆይ! አወቅኩዎት! ቦልማን! ኤክሃርት ቦልማን!"

ቪብከ ሹካዋን አስቀመጠች።

"አይደለሁም" አልኩ። "ፎልክማር ቴቬስ ነኝ።"

"ማን?"

ይኸው፣ የፈራኋት ጥያቄ መጣች። አልሞትኩም።

"ስድስት ቁጥር። ለእሱ ኳስ የማቀብለው።"

አሰበ፣ አሰበ... "ይቅርታዎን፣ አላስታወስኩዎትም።"

"እኔ አስታውሰዋለሁ" አለች ቪብከ። "ቅዳሜ ቅዳሜ ቤት አይገኝም ነበር።" ሰውዬው ሳቀ፣ እሷም ሳቀች። ስትስቅ ለካ ትከሻዋ ይንቀጠቀጣል።

ከዚያ አትክልት ቦታው ውስጥ በአንድ ክራንች ዞርን። የፕለም ኬክ አምጥታልኝ ነበር፣ አግዳሚው ላይ ተቀምጠን ጨረስነው። ደክሞኛል፣ ግን ሌላ ድካም ነው።

ከላይ ዕለቱን ሳልጽፍ የቀረሁት ጠፍቶኝ ነው። ካፖርቷን ስትለብስ፣ "ዛሬ ምንድን ነው?" አልኳት።

"ቅዳሜ" አለችኝ።