በስዕሉ ላይ የተቀመጥኩበት ቦታ

ሐሙስ፣ ጥቅምት 6

ለድንቡሼ፣

ጤናሽ እንዴት ነው? ብርዱስ? ያ ግራጫ ካፖርትሽ ብብቱ ስር ገበሩ ሳስቶ ነበር፤ ከመሄድሽ በፊት ልጠግንልሽ አስቤ በጥድፊያው መሀል ረሳሁት። እኔ ደህና ነኝ። ጉልበቴ እንደ ወትሮው ዝናብ መምጣቱን ከሰማዩ ቀድሞ ይነግረኛል። ዓይኔ ግን ክር በመርፌ ለማስገባት ዛሬም የማንንም እርዳታ አይለምንም።

ሦስት ሳምንት ሙሉ ስልክሽን ያላነሣሁት ታምሜ አይደለም። ጎረቤታችንን ልከሽ በሬን ያስንኳኳሽ ቀንም ውስጥ ነበርኩ፤ አልጋው ጫፍ ላይ ቁጭ ብዬ ስታንኳኳ እሰማታለሁ። በስልክ ከሆነ አንቺ ታለቅሻለሽ። አንቺ ስታለቅሺ እኔ የጀመርኩት ነገር ይጠፋብኝና "በቃ፣ በቃ፣ አይዞሽ" ብዬ እዘጋዋለሁ። ከልጅነትሽ ጀምሮ ያሸነፍሽኝ በዚህ ነው። ወረቀት ላይ ግን የምለውን ብዬ እስክጨርስ አታቋርጪኝም።

የምጽፍልሽ ላኪልኝ ስላልሽው ፎቶ ነው። "እትዬ፣ አንድ ደቂቃ ብቻ! የስፌት መኪናሽን ይዘሽ አዲሱ መናኸሪያ ጣሪያ ላይ ወዳለው መናፈሻ ውጪ፣ ከዛፉ ስር ቁጭ በይ፣ አንድ ሰው ያንሣሽ" አልሽኝ። በትልቅ አዳራሽ፣ በዚያ ሁሉ ሰው ፊት ስዕሉንና ፎቶውን ጎን ለጎን አድርገሽ ልታሳዪ ነው። "ይቺ እህቴ ናት፤ መጀመሪያ ሣልኳት፣ ከዚያ እውነትም መጥታ ተቀመጠች" ልትዪ። ስትነግሪኝ ደስ አለኝ፣ አልዋሽሽም። ሰማያዊውን ሽርጥ አጥቤ ተኮስኩት።

ግን ከመጀመሪያው ልጀምርልሽ። አንቺ ረስተሽዋል ብዬ አይደለም። እኔ በቅደም ተከተል ካልተናገርኩ ንዴቴ ይቀድመኛል።

በአሮጌው መናኸሪያ የእኔ ሥራ አውቶቡሱ እስኪሞላ ነበር። ረዳቱ "ስድስት ሰው! ስድስት ሰው ቀረ!" ብሎ ከጮኸ ሱሪ ለማሳጠር ጊዜ አለ። "ሁለት ሰው!" ካለ ቁልፍ መትከል ብቻ። አንቺ ከመኪናዬ ስር ተቀምጠሽ የቤት ሥራሽን እየሠራሽ የቀረውን ሰው ትቆጥሪልኝ ነበር። ያ ሱሪውን አውልቆ ሰጥቶኝ የጠረጴዛ ልብሴን ያገለደመው ሰውዬ ትዝ ይልሻል? አውቶቡሱ ሳይታሰብ ተነሣና ከነጠረጴዛ ልብሴ ሮጦ ገባ። ሱሪውን በመስኮት ወረወርኩለት። የእኔን ጨርቅ ይኸው እስከ ዛሬ አልመለሰም። አንቺ በሳቅ ስትንፈራፈሪ ቀለሙን ደብተርሽ ላይ ደፋሽውና ሌላ ደብተር ልገዛልሽ ሆነ።

እናታችን ስትሞት አንቺ ገና አራት ዓመትሽ ነበር። እኔም ትልቅ አልነበርኩም፣ ግን መስፋት እችል ነበር። በዚያች መኪና አሳደግኩሽ፣ በዚያች መኪና መሐንዲስ ሆንሽ። ይህን ውለታ ልቆጥርብሽ አይደለም የማነሣው። ለትምህርት ቤት መታወቂያሽ ፊርማ ሲጠይቁሽ እዚያው ጠረጴዛ ላይ ማታ ማታ አብረን ስንለማመድ ስለነበር ነው። መጨረሻው ላይ ጅራቱን ወደ ላይ ጠቅለል የሚያደርገውን ፊርማ ያወጣሁልሽ እኔ ነኝ። ቆይቼ እመለስበታለሁ።

መናኸሪያው ሊፈርስ ነው ሲባል ሃያ ሦስታችን አንነሣም ብለን ከረምን። ለቅቀን ለመውጣት ተስማምተናል የሚለው ወረቀት ዞሮ ዞሮ ሳይፈረም ይመለስ ነበር። ከዚያ በሚያዝያ፣ እሑድ ቀን፣ አንቺ የተጠቀለለ ስዕል ይዘሽ መጣሽ። ጠረጴዛዬ ላይ ዘረጋሽውና ጥግ ጥጉን በመቀሴና በክሮቼ አስያዝሽው። ከታች ባቡሩና አውቶቡሱ፣ ከላይ ጣሪያው በሙሉ ሣርና ዛፍ። ከትልቁ ዛፍ ስር ደግሞ እኔ! እኔው ራሴ፣ ሽርጤን ታጥቄ፣ አንገቴን ደፍቼ፣ ከመኪናዬ ጋር። ከፎቶዬ አውጥተሽ ነው ያስገባሽኝ። "ይኸውልሽ እትዬ፣ ቦታሽ" አልሽኝ። እኔ ደግሞ ሰው በስዕል ላይ ዝም ብሎ ለማሳመሪያ እንደሚቀመጥ ከየት ልወቅ? እኛ ዘንድ ጨርቅ ላይ በጠመኔ የተሠመረ መስመር ይቆረጣል፤ የተቆረጠው ይሰፋል። ያልታሰበበት መስመር አይሠመርም።

በማግስቱ ስዕሉን ይዤ ሄድኩ። ሁሉም ሥራውን ጥሎ ከበበኝ። ጫማ ሰፊው መነጽሩን ግንባሩ ላይ ሰቅሎ በጣቱ ሲፈልግ ቆየና አንዱን ሰውዬ ያዘ።

"ይኼ ውሻ የያዘው እኔ ነኝ" አለ።

"አንተ ደግሞ ውሻ የት አለህ?" አለችው ጃንጥላ አዳሿ።

"ቦታውን ሲሰጡኝ አብረው ይሰጡኛላ!"

እሷ ደግሞ አግዳሚ ወንበር ላይ ጋዜጣ የምታነበዋን መረጠች። ማንበብ እንደማትችል ሁላችንም እናውቃለን፣ ማንም አልሳቀባትም። እንዲህ እያልን አንድም ሰው ሳይቀር ስዕሉ ውስጥ ራሱን አገኘ። ያን ቀን የነበረውን ሳቅ ብታዪው! ከዚያ "እሷ ከፈረመች እኛም እንፈርማለን፤ የሠራችው እህቷ ናት" አሉ። መጀመሪያ እኔ ፈረምኩ። ከስር ሃያ ሁለቱ።

የሆነውን ታውቂዋለሽ። ሕንፃው ተከፈተ፣ ከእኛ አንድም ሰው አልገባም። የሕንፃው አስተዳደር ቢሮ ሄጄ ስዕሉን ባሳያት ጸሐፊዋ አዝናልኝ "እናቴ፣ ይህ እኮ ሰው ያለበት እንዲመስል ነው" አለችኝ። አንቺ ያኔ ውጭ አገር ሄደሽ ነበር፤ ደወልኩልሽ። "ከእኔ እጅ ከወጣ በኋላ የምሠራበት ቢሮ ነው የለወጠው፣ እኔም እንዳንቺ ነው የሰማሁት" አልሽና አለቀስሽ። አመንኩሽ። ማመን ብቻ አይደለም፣ ጠበቃሽ ሆንኩ። ፊት የነሳኝን ሁሉ እየተከታተልኩ "እህቴ ምን ታድርግ፣ አለቆቿ ናቸው" ስል ከረምኩ። ጫማ ሰፊው ሰላምታዬን ትቶ ጫማው ላይ ሲያቀረቅር እንኳ "አንድ ቀን ይገባዋል" እል ነበር።

አሁን ወደ ፎቶው።

ሕንፃሽ ያምራል። ይህን ለመናገር ንፉግ አልሆንም። ተንቀሳቃሹ ደረጃ ላይ መኪናዬን አቅፌ ወጣሁ። ላይ ስደርስ ነፋሱ ሌላ ነው፣ ሣሩ አሁን ገና ውሃ ጠጥቷል፣ ሽማግሌዎች ተቀምጠው ያወራሉ። ከታች ባቡር ሲገባ በእግርሽ ስር ይሰማሻል። "ይህን ያሰበችው የእኔ ልጅ ናት" ብዬ ደረቴ ተነፋ። መኪናዬን ገና ሳላስቀምጥ ጥበቃው መጣ።

"እናት፣ እዚህ መሥራት ክልክል ነው።"

"አልሠራም ልጄ። ፎቶ ልነሣ ነው።"

"ለፎቶ ከሆነ ችግር የለውም። ክር ግን እንዳያስገቡ" አለኝ። ቀልዱን መስሎኝ ነበር፣ የምሩን ነው። ለማንኛውም አለቃዬን ልጠይቅ ብሎ በሬዲዮ መነጋገር ጀመረ።

እሱን ስጠብቅ ዞር ዞር አልኩ። ከመግቢያው አጠገብ መስታወት አለ፤ ሥራው ከሐሳብ ጀምሮ እንዴት እንደተሠራ ንድፎቹ በተራ ተሰቅለውበታል። ያንቺን ስም ፈለግኩ። ያገኘሁት ግን ፊርማሽን ነው፣ ጅራቱ ወደ ላይ የተጠቀለለው። የጣሪያው ፕላን ነው። ዛፌን አወቅኳት። ከስሯ እንዲህ ይላል፦ የአበባ መደብ፣ መቀመጥ የተከለከለ። ጽሑፉ የእጅሽ ነው። ቀኑ የዚያው ዓመት የካቲት 11።

የካቲት፣ መጋቢት፣ ሚያዝያ። በጣቴ ቆጠርኩት። ተሳስቼ እንደሆነ ብዬ እንደገና ቆጠርኩት።

ክው አልኩ። ቢሮው ምንም አልለወጠም ማለት ነው። ያን ስዕል ጠረጴዛዬ ላይ ዘርግተሽ "ቦታሽ" ስትዪኝ፣ እዚያ አበባ እንደሚተከል በገዛ እጅሽ ጽፈሽ ከፈረምሽ ሁለት ወር አልፎሽ ነበር። እኔ ከፈረምኩ ሌሎቹም እንደሚፈርሙ ደግሞ ከአንቺ በላይ የሚያውቅ የለም፤ እዚያ ነው ያደግሽው። ፊርማው ባይሟላ ሥራሽ እንደሚቀር፣ ይህ ያለሽበት አገርም እንደማይገኝ ይገባኛል። አይገባኝም አልልሽም።

ግን ብትነግሪኝስ? "እትዬ፣ ቦታ የለሽም፣ ስለ እኔ ብለሽ ፈርሚልኝ" ብትዪኝ በሁለት እጄ እፈርምልሽ ነበር። ለአንቺ ያልሰጠሁሽ ምን አለ? እነሱን ግን አላስፈርምልሽም ነበር። ይህንንም ታውቂያለሽ። ለዚህ ነው ያልነገርሽኝ። ቦታዬን ብትወስጂው አይቆጨኝም ነበር፤ የወሰድሽው አፌን ነው። ሃያ ሁለት ሰው የሚያምነውን አፌን ተውሰሽ ዋሸሽበት። ከዚያ ደግሞ ዓይንሽን በጨው አጥበሽ ፎቶ ትጠይቂኛለሽ።

ከድተሽኛል። ይህን ቃል ጽፌ ሰርዤው ነበር፣ እንደገና ጽፌዋለሁ። አሁን አልሰርዘውም።

ጥበቃው ተመልሶ "ተፈቅዷል፣ ይቀመጡ" አለኝ። "ይቅርብኝ ልጄ" ብዬው ወረድኩ።

በቀጥታ ወደ ጫማ ሰፊው ሄድኩ። ከሕንፃው ጀርባ፣ አውቶቡሶቹ በሚወጡበት በኩል፣ ግንቡን ተደግፎ ይሠራል። መኪናዬን መሬት አስቀመጥኩና "ጋሼ፣ እህቴ አስቀድማ ታውቅ ነበር" አልኩት። ቀኑን፣ ጽሑፉን፣ ፊርማውን ሁሉንም ነገርኩት። ጫማው ላይ እንዳቀረቀረ ሰማኝ።

"አንቺስ?" አለኝ።

"እኔ ያወቅኩት ዛሬ ነው።"

ከንፈሩ ላይ የያዛቸውን ሚስማሮች አንድ በአንድ አወጣ። "እኔ እንኳ ውሻውን ለምጄው ነበር" አለ። ሳቄ መጣ፣ ሳቄን ሳልጨርስ ሆድ ባሰኝና መንገድ ላይ አለቀስኩ። እሱም ሳጥኑን በእግሩ ገፋ አድርጎ ከአጠገቡ ቦታ ለቀቀልኝ።

ይኸው ከዚያን ቀን ጀምሮ እዚያ ነኝ። እስከ ቀትር ፀሐዩ አይጣል ነው። አውቶቡሶቹ አሁን እስኪሞሉ አይጠብቁም፣ በሰዓታቸው ውልቅ ነው። ስለዚህ ሰው ጠዋት ልብሱን ትቶልኝ ይሄድና ሲመለስ ይወስዳል። ሱሪውን ለማያውቃት ሴት አምኖ የሚሄድ ሰው አሁንም አለ፣ ብታዪ። ለጃንጥላ አዳሿም ነግሬያታለሁ። እሷ ገና አልታረቀችኝም፤ አልፈርድባትም።

ፖስታው ውስጥ ያለው ፎቶ አይደለም። ያንኑ ያመጣሽልኝን ስዕል ነው የመለስኩልሽ። ስትዘረጊው ቀስ በይ፣ ይቀደዳል። በጥሩ መቀሴ፣ ወረቀት ነክቼበት በማላውቀው መቀስ፣ ራሴን ከነመኪናዬ ቆርጬ አውጥቻለሁ። ውሻ የያዘውን ሰውዬ ለጫማ ሰፊው ሰጠሁት፤ ሳጥኑ ክዳን ላይ ለጥፎታል። ጋዜጣ የምታነበዋን ለጃንጥላ አዳሿ ሰጠኋት፤ ተቀብላ ቦርሳዋ ውስጥ ከተተቻት። የቀሩትንም ቆርጬ አስቀምጫለሁ፣ ባለቤቶቻቸውን አንድ በአንድ እያፈላለግኩ ነው። ሣሩንና ዛፉን አልነካሁብሽም፣ እነሱ ያንቺ ናቸው። አዳራሹ ውስጥ ለማሳየት ከፈለግሽ አሳዪው። ቀዳዳዎቹ ምንድን ናቸው ብለው ቢጠይቁሽ መልሱን አንቺው ንገሪያቸው።

ፈጣሪ ከብርድ ይጠብቅሽ። እጅሽን ይባርክልሽ፤ ከእንግዲህ የምትሥዪው ቦታ ሁሉ ሰው የሚቀመጥበት ይሁን። እራት ሳትበይ አትተኚ። ካፖርቱን ደግሞ ለሚመጣ ሰው ስጪና ላኪልኝ። እዚያ በሙጫ ያጣብቁብሻል። ገበሩን እኔ እቀይረዋለሁ፤ ልብሱ ምን አጠፋ።

ደብዳቤ ስጽፍልሽ ሁልጊዜ "እናትሽም እህትሽም" ብዬ ነበር የምፈርመው። ዛሬ እህትሽ ተቀይማለች፣ አልፈርምም ብላለች። ካፖርቱን የምትጠብቀው ሌላዋ ናት።

እናትሽ